ያልተለመዱ የእንግሊዝኛ ቃላትን አጠራር በግዕዝ ፊደል መመዝገብና ፍቺያቸውን በአማርኛ መጻፍ

ሐዋሳ ውስጥ ሥራውን በእንግሊዝኛ የሚሠራ ሰው ጥቂት አይደለም። በሐይቁ ዳርና በአሞራ ገደል ጎብኚ የሚያስጎበኙ ወጣቶች፣ በሆቴሎች እንግዳ የሚቀበሉ ሠራተኞች፣ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎችና በየትምህርት ቤቱ ሳይንስ የሚያስተምሩ መምህራን የዕለት ተዕለቱን እንግሊዝኛ አሳምረው ይናገራሉ። የሚያደናቅፋቸው አልፎ አልፎ ብቻ ብቅ የሚለው ቃል ነው፤ የአንድ ወፍ ወይም የአንድ ዐለት ስም፣ ከፈረንሳይኛ ወይም ከግሪክኛ የመጣ አንድ እንግዳ ቃል በጽሑፍ ላይ ታይቶ ጮክ ተብሎ መነበብ ሲኖርበት ምላስ ይያዛል። ይህ ጽሑፍ እንዲህ ላሉ ቃላት የግል መዝገብ እንዴት እንደሚያዝ፣ አጠራራቸው በግዕዝ ፊደል እንዴት እንደሚጻፍና ፍቺያቸው በአማርኛ እንዴት እንደሚቀመጥ ያሳያል። የሚያስፈልገው አንድ ደብተር፣ እርሳስና የድምፅ ቅጂ ያለው መዝገበ ቃላት የሚከፍት ስልክ ብቻ ነው።

ከፊደሉ በፊት ድምፁን መያዝ

አማርኛ የሚያነብ ሰው የተጻፈውን ሁሉ እንደተጻፈ ማንበብ ለምዷል። በእርግጥ የእኛም ፊደል የሚደብቀው ነገር አለው፤ «አለ» ላልቶ ሲነበብ «ተናገረ»፣ ጠብቆ ሲነበብ «ይገኛል» ማለት መሆኑን ከፊደሉ ሳይሆን ከዐረፍተ ነገሩ ነው የምናውቀው። ይሁንና የአማርኛ ፊደል የሚደብቀው ከዚህ ብዙም አያልፍም፤ እንግሊዝኛ ግን አናባቢውን፣ ተነባቢውንም፣ የድምፁ ጫና የሚያርፍበትንም ቦታ ይደብቃል። ስለዚህ የመጀመሪያው ደንብ አዲስ ቃል ሲያዩ ፊደሎቹን ገጣጥሞ ከማንበብ መቆጠብ ነው። አንድ ጊዜ በስሕተት የተነበበ ቃል በአእምሮ ውስጥ ሥር ይሰዳል፣ በኋላ ለመንቀልም ያስቸግራል።

ፊደሉና ድምፁ የተለያዩት በታሪክ ሂደት ነው። ዊልያም ካክስተን የማተሚያ መሣሪያን ወደ እንግሊዝ ያስገባው እ.ኤ.አ. በ1476 ሲሆን፣ የቋንቋው ረጃጅም አናባቢዎች ድምፃቸውን እየለወጡ የነበሩትም በዚያው ዘመንና ከዚያ በኋላ በነበሩት ሁለት መቶ ዓመታት ገደማ ነው። አጻጻፉ በኅትመት ምክንያት እየረጋ ሲሄድ ንግግሩ መለወጡን ቀጠለ። በዚያ ላይ ላቲን የተማሩ ሊቃውንት የቃላትን ምንጭ ለማሳየት ሲሉ የማይነበቡ ፊደሎችን ጨመሩ። ዕዳ ማለት የሆነው «ዴት» ከፈረንሳይኛ ሲገባ ቢ የተባለው ፊደል አልነበረበትም፤ «ዴቢቱም» የሚለውን የላቲን ቃል እንዲያስታውስ ኋላ ተጨመረበት፤ በንግግር ግን ማንም አልተቀበለውም።

ከሁሉ የሚገርመው «ኮሎኔል» ነው። እኛ ከጣሊያንኛው አጠራር ሳንርቅ ኮሎኔል እንላለን፤ እንግሊዞች ግን በዚሁ አጻጻፍ ጽፈው «ከርነል» ብለው ያነቡታል። ቃሉ የተነሣው ከጣሊያንኛው «ኮሎኔሎ» ሲሆን፣ ፈረንሳዮች ሁለቱ ተከታታይ የል ድምፆች ስለከበዷቸው የመጀመሪያውን ወደ ር ለወጡት። እንግሊዞች በ16ኛው ክፍለ ዘመን የወሰዱት ይህንኑ በር የሚነገረውን ነበር፤ ብዙም ሳይቆይ የጣሊያን የጦር መጻሕፍት ሲተረጎሙ የል አጻጻፍ ተመልሶ ገባ። ሁለቱ ለረጅም ጊዜ ጎን ለጎን ከኖሩ በኋላ አጻጻፉን ል፣ ንግግሩን ር ወሰዱት። ይህን ያወቀ ሰው ግን በአማርኛ ሲናገር አንድን መኮንን «ከርነል» ብሎ መጥራት የለበትም። ለአማርኛው ኮሎኔል ትክክለኛ ነው፤ የእንግሊዝኛው አጠራር ቦታው በእንግሊዝኛ ዐረፍተ ነገር ውስጥ ብቻ ነው።

የመዝገበ ቃላቱን ምልክቶች ማወቅ

በኢንተርኔት በነጻ ከሚገኙት መካከል የካምብሪጅ መዝገበ ቃላት የብሪታንያውንና የአሜሪካውን አጠራር ለየብቻ በድምፅ ያሰማል፤ አጻጻፉም በዓለም አቀፉ የድምፅ ፊደል ነው። ሜሪያም ዌብስተር የተባለው የአሜሪካ መዝገበ ቃላት ደግሞ የራሱ የሆነ ሌላ የአጻጻፍ ስልት አለው። ሁለቱን ስልቶች መቀላቀል ግራ ስለሚያጋባ አንዱን መርጦ በዚያው መጽናት ይሻላል። እኔ ለጀማሪ የመጀመሪያውን እመክራለሁ፤ ምክንያቱም እ.ኤ.አ. በ1886 ፓሪስ ላይ ከተመሠረተው ማኅበር የወጣው ይህ የድምፅ ፊደል በሌሎች ቋንቋዎች መዝገበ ቃላትም ውስጥ ስለሚያገለግል አንዴ የተማሩት ለፈረንሳይኛውም ለጀርመንኛውም ይጠቅማል።

ምልክቶቹን ሁሉ ማጥናት አያስፈልግም። ሦስቱን ለይቶ ማወቅ ለአብዛኛው ሥራ ይበቃል፤ ከቃሉ ክፍል በፊት ከላይ የምትቆመው አጭር ቀጥ ያለች ጭረት ጫናው ቀጥሎ ባለው ክፍል ላይ መሆኑን ታመለክታለች፤ ሁለት ነጥብ የሚመስለው ምልክት ከእርሱ በፊት የተጻፈው አናባቢ ረጅም መሆኑን ይናገራል፤ ተገልብጣ የተጻፈችው ትንሿ ኢ ደግሞ «ሽዋ» የሚባለውን ደካማ አናባቢ ትወክላለች። ይህች ሦስተኛዋ የአማርኛ ተናጋሪን በእጅጉ የምትጠቅም በመሆኗ ሰፋ አድርጌ እመለስባታለሁ።

በግዕዝ ፊደል ሲጽፉ

ሽዋ በእንግሊዝኛ ከየትኛውም አናባቢ በላይ የሚደጋገም ድምፅ ነው፤ ብዙ የውጭ ተማሪዎችም ሊያወጡት ይቸገራሉ። እኛ ግን ለእርሱ በጣም የቀረበ ድምፅ በፊደላችን የመጀመሪያ ረድፍ አለን፤ በ፣ ለ፣ መ፣ ተ ስንል የምናወጣው አናባቢ እርሱ ነው ለማለት ይቻላል። ችግሩ የውጭ ቃላትን በአማርኛ ስንጽፍ ይህን ረድፍ ትተን ወደ ራብዕ መሄድ መልመዳችን ነው። ባናና ብለን እንጽፋለን፤ እንግሊዞች የሚሉት ግን ወደ «በናነ» የቀረበ ነው፤ የመጀመሪያውና የመጨረሻው ክፍል ደካማ፣ መካከሉ ብቻ ጠንካራና ረጅም ነው። ስለዚህ በደብተርዎ ላይ ሽዋ ባለበት ቦታ ሁሉ ግዕዙን ረድፍ ይጠቀሙ። ቃሉ በሽዋ የሚጀምር ከሆነ አ ሳይሆን ኧ ይጻፉ፤ አ፣ ሀ፣ ሐ፣ ኀ እና ዐ በግዕዛቸውም እንደ ራብዕ ስለሚነበቡ ያሳስታሉ።

ሳድሱ ረድፍ ሌላ ጥንቃቄ ይፈልጋል። አንድ ሳድስ ፊደል አናባቢ የሌለው ተነባቢም፣ አጭር አናባቢ ያለውም ሊሆን ይችላል፤ በዚህ የተነሣ ሁለት ተነባቢዎች ተከታትለው በሚጀምሩባቸው ቃላት ላይ በመካከል ወይም በፊት እ እናስገባለን፣ ስፖርት የሚለውንም «እስፖርት» እናደርገዋለን። አብረው መነበብ ያለባቸውን ተነባቢዎች ከሥራቸው በትንሽ ቅስት ማያያዝ ይህን ያስቀራል። ረጅም አናባቢ ላይ ከበላዩ ሰረዝ ያድርጉ፤ ያለዚያ መርከብንና በግን የሚያመለክቱት ሁለት የእንግሊዝኛ ቃላት ሁለቱም «ሺፕ» ተብለው ይጻፉና ልዩነታቸው ይጠፋል። ምላስን በጥርሶች መካከል በማድረግ ለሚወጡት ሁለት ድምፆች የራሳችን ፊደል ስለሌለን ስ እና ዝ ጽፎ ከሥራቸው ነጥብ ማኖር ይቻላል። አሜሪካውያን የሚያነቧትንና ብዙ እንግሊዞች የሚተዉአትን የመጨረሻዋን ር በቅንፍ ያስገቡ። እንደ ጠ፣ ጨ፣ ቀ ያሉትን ፊደሎች ግን ለእንግሊዝኛ ቃል ፈጽሞ አይጠቀሙ፤ ያ ድምፅ በቋንቋው የለም።

ጫናን በሚመለከት አንድ ማሳሰቢያ አለኝ። የእንግሊዝኛ ጫና የአማርኛ መጥበቅ አይደለም። እኛ ስናጠብቅ የምናረዝመው ተነባቢውን ነው፤ እንግሊዞች ጫና ሲያሳርፉ የሚያጎሉት የቃሉን አንድ ክፍል ከነአናባቢው ነው። ጫናው ሲዛወርም ከእርሱ የራቁት አናባቢዎች ይደክማሉ። ይህን በሦስት ዘመዳሞች ቃላት ላይ ማየት ይቻላል፦ ፎቶው «ፎተግራፍ»፣ ሙያው «ፈቶግረፊ»፣ ቅጽሉ «ፎተግራፊክ» ነው። በመጀመሪያው ጫናው ፎ ላይ፣ በሁለተኛው ቶግ ላይ፣ በሦስተኛው ግራ ላይ ያርፋል፤ የመጀመሪያው ክፍል ከፎ ወደ ፈ፣ ሁለተኛው ከተ ወደ ቶ ሲለዋወጥ በግዕዝ ፊደል ቁልጭ ብሎ ይታያል። የላቲኑ ፊደል ይህን አያሳይም፤ በዚህ ጉዳይ የእኛ ፊደል ከእነርሱ የተሻለ መሣሪያ ነው ብዬ አምናለሁ። ጫናው ያረፈበትን ክፍል ከሥሩ ማስመር በቂ ነው።

ምንጩ የሚሰጠው ፍንጭ

የቃሉን ድምፅ ከማዳመጥዎ በፊት ከየት ቋንቋ እንደመጣ ቢያዩ ብዙ ነገር አስቀድመው ይገምታሉ። ከግሪክኛ በመጡ ቃላት ሲ እና ኤች ተከታትለው ሲጻፉ ብዙውን ጊዜ ድምፃቸው ክ ነው፤ የደሴቶች ስብስብ «አርኪፔለጎ» እንጂ «አርቺፔላጎ» አይባልም፤ ጥልቅ ስንጥቅ ወይም ገደልም «ካዘም» ነው። በቃል መጀመሪያ ላይ ፒ ከኤን፣ ከኤስ ወይም ከቲ በፊት ሲመጣ አይነበብም። የግሪክኛ ቃላት የመጨረሻ ኢ ደግሞ ብዙ ጊዜ ትነበባለች፤ የአንድ ነገር ፍጹም ምሳሌ የሚል ትርጉም ያለው ቃል «ኢፒተሚ»፣ ግነት የሆነው «ሃይፐርበሊ» ነው፤ «ኤፒቶም» እና «ሃይፐርቦል» የሚሉት አጠራሮች በብዙ ተማሪ አፍ የሚሰሙ ስሕተቶች ናቸው። የተማሩ ሰዎችም በግሪክኛ ፍቅር ይሳሳታሉ። በቀዝቃዛ አገር ተራሮች ላይ የሚኖር «ታርሚገን» የተባለ ወፍ አለ፤ ስሙ ከስኮትላንድ ጌሊክ የመጣ ሆኖ ሳለ ግሪክኛ የመሰላቸው ሰዎች ከፊቱ የማይነበብ ፒ ጨመሩበት፤ ፒዋም እስከ ዛሬ አለች።

ከፈረንሳይኛ በመጡት ላይ የመጨረሻው ተነባቢ ብዙ ጊዜ ይዋጣል። ፍርስራሽ «ዴብሪ»፣ በሰው ፊት የሚፈጸም የጨዋነት ስሕተት «ፎ ፓ» ይባላል። ለሆቴል ሠራተኛ የሚጠቅመው ምሳሌ ግን ቡፌ ነው። ቃሉ ወደ አማርኛም ያለ ት ስለገባ ማንም በዚህ አይሳሳትም፤ በእንግሊዝኛ ግን በዚያው አጻጻፍ ሌላ ቃል አለ፤ እርሱ «ባፊት» ተብሎ በጫናው ባ ላይ ይነበባል፣ ትርጉሙም ደጋግሞ መምታት፣ ማንገላታት ነው። ከሰዓት በኋላ በሐይቁ ላይ የሚነሣው ነፋስ ጀልባን ሲያንገላታ የሚነገረው ይህኛው ነው። ሁለቱን ካልለዩ የአየር ጠባይ ዘገባው የምግብ ዝርዝር ይመስላል።

የሐዋሳ አስጎብኚ በተለይ ሊይዛቸው የሚገቡ ጥቂቶች አሉ። ውሃ ዳር የሚሮጠው ወፍ «ፕላቨ(ር)» ነው፤ «ፕሎቨር» የሚሉት አንዳንድ አሜሪካውያን ናቸው። ነጭና ጥቁር ቀለም የተቀላቀለበት ወፍ ስም ላይ የሚቀጠለው ቃል «ፓይድ» ይባላል። አባ ኮዳ «ማረቡ» ሲሆን ጫናው ማ ላይ ነው። የሐዋሳ ሐይቅ ያለበትና ከሰሜኑ በኩል ኮርቤቲ የሚገኝበት ዓይነት፣ እሳተ ገሞራ ተደርምሶ የሚፈጥረው ሰፊ ጎድጓዳ ስፍራ በብሪታንያ አጠራር «ኮልዴረ»፣ በአሜሪካው «ካልዴረ» ነው፤ በሁለቱም ጫናው ዴ ላይ ይወድቃል። በአካባቢያችን ለግንባታ የሚውለውን ቀዳዳማ ቀላል ድንጋይ በአማርኛ ፑሚስ እንለዋለን፤ በእንግሊዝኛ «ፓሚስ» ነው። «ናይስ» የሚባል ዐለትም አለ፤ አጻጻፉ በጂ ቢጀምርም ሲነገር «ጥሩ» ማለት ከሆነው የእንግሊዝኛ ቃል በምንም አይለይም።

ፍቺውን መጻፍ

አጠራሩ ከተያዘ በኋላ ብዙ ሰው በፍቺው ላይ ይቸኩላል፤ ከጎኑ አንድ የአማርኛ ቃል ጽፎ ያልፋል። ለተለመደ ቃል ይህ ያስኬዳል፤ ላልተለመደው ግን አንድ ለአንድ የሚመጥን ቃል አብዛኛውን ጊዜ የለም። የሚሻለው ነገሩ ከየትኛው ወገን እንደሆነ መጀመሪያ መናገር፣ ከዚያም ከወገኑ የሚለየውን መጨመር ነው። ይህን ለመማር የምመክረው ልምምድ አለ። ጤፍና እንጀራ በእንግሊዝኛ መዝገበ ቃላት ውስጥ ገብተዋል፤ ፈልገው ያንብቧቸው። ጤፍን «ሣር» ብሎ ይጀምራል፣ የኢትዮጵያ መሆኑንና በየዓመቱ የሚዘራ መሆኑን ይጨምራል፣ ከፍሬው ዱቄት እንደሚገኝ ይናገራል። ጤፍን በእጃችን ይዘን ላደግን ሰዎች «ሣር» የሚለው መነሻ ያስገርማል፤ ነገር ግን ነገሩን አይቶ ለማያውቅ ሰው ከዚያ የተሻለ መነሻ የለም። አሁን አቅጣጫውን ገልብጠው፣ የማያውቁትን የእንግሊዝኛ ቃል አይቶት ለማያውቅ የአማርኛ አንባቢ በዚያው ሥርዓት ይጻፉለት። ለምሳሌ፦ «ማረቡ፦ ራሱና አንገቱ ላባ የሌለበት፣ ጥምብና የምግብ ትራፊ የሚበላ፣ በአፍሪካ የሚኖር ትልቅ የሽመላ ዓይነት፤ በአማርኛ አባ ኮዳ።» የአማርኛው ስም ሲኖር በመጨረሻ ይገባል፤ አንባቢው ስሙን ባያውቀው እንኳ ፍቺው ብቻውን ይቆማል።

አንድን ቃል ከሥር እስከ ላይ እንይ። «ኒገስ» የሚለውን ቃል ሲፈልጉ ሁለት ቁጥር የተሰጣቸው ሁለት መግቢያዎች ያገኛሉ። ቁጥሮቹ በአጻጻፍ የተገናኙ፣ በትውልድ ግን የማይተዋወቁ ቃላት መሆናቸውን ይነግራሉ። አንደኛው ከእኛው «ንጉሥ» የተወሰደ ሲሆን የኢትዮጵያን ገዥ ማዕረግ ያመለክታል። ሁለተኛው ከወይን ጠጅ፣ ከሙቅ ውሃ፣ ከስኳርና ከሎሚ የሚዘጋጅ መጠጥ ነው፤ ስሙንም ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1732 ከሞተው ፍራንሲስ ኒገስ ከተባለ እንግሊዛዊ ኮሎኔል ነው። ሁለቱም አንድ ዓይነት ይነበባሉ፤ ኒ ረጅምና ጫና ያረፈበት፣ ገስ ደካማ። በደብተር ላይ እንዲህ ይሰፍራል፦ «ኒገስ ፩፤ ስም፤ በኒ ላይ ሰረዝና ሥረ መስመር፤ የኢትዮጵያ ንጉሥ፤ ከአማርኛ። ኒገስ ፪፤ ስም፤ አጠራሩ እንደ ላይኛው፤ በወይን ጠጅና በሙቅ ውሃ የሚሠራ የቀድሞ መጠጥ፤ ከሰው ስም።» «የቀድሞ» የምትለው ቃል አስፈላጊ ናት፤ ዛሬ በሎንደን ምግብ ቤት ይህን መጠጥ የሚያዝ ሰው ማግኘት ይከብዳልና። በአሮጌ ልቦለድ ውስጥ አንድ ገጸ ባሕርይ ኒገስ ጠጣ የሚል ዐረፍተ ነገር ሲያገኙም ማዕረጉንና መጠጡን የሚለየው ይህ መዝገብ ነው።

ቃሉ ዛሬ በምን መንፈስ እንደሚነገርም መጻፍ ያስፈልጋል። «ዲፌነስትሬይሸን» ሰውን በመስኮት መወርወር ማለት ነው፤ የሚታወቀውም እ.ኤ.አ. በ1618 በፕራግ ከተማ ፕሮቴስታንት መኳንንት ሁለት የንጉሠ ነገሥቱን ሹማምንትና ጸሐፊያቸውን ከቤተ መንግሥቱ መስኮት ከወረወሩበት ድርጊት ነው፤ ሦስቱም በሕይወት ተርፈዋል፣ የሠላሳ ዓመቱ ጦርነት ግን ከዚያ ተቀጣጠለ። ዛሬ ቃሉ አንድን ሰው ከሥልጣን በድንገት ለማስወገድም በፌዝ ይነገራል። ይህን ሁለተኛ አገባብ ያልመዘገበ ሰው ጋዜጣ ሲያነብ ሚኒስትር በመስኮት የተጣለ ይመስለዋል።

ረጅም ቃል ያስፈራል እንጂ ያን ያህል አይከብድም፤ በየክፍሉ ይቆርጡታል። አርባ አምስት ፊደል ያለው «ኒዩሞኖ-አልትረ-ማይክረስኮፒክ-ሲሊኮ-ቮልኬይኖ-ኮኒኦሲስ» እጅግ ደቃቅ የእሳተ ገሞራ ብናኝ በመተንፈስ የሚመጣ የሳንባ በሽታ ተብሎ ይፈታል። እ.ኤ.አ. በ1935 በአሜሪካ የእንቆቅልሽ አፍቃሪዎች ማኅበር ፕሬዚዳንት ለርዝመቱ ሲባል የተፈጠረ ነው፤ ሐኪሞች «ሲሊኮሲስ» ብለው ያልፋሉ። ሙሉውን መሸምደድ ጉራ ብቻ ነው፤ ኒዩሞኖ ሳንባን፣ ኮኒኦሲስ ብናኝ የሚያመጣውን ሕመም እንደሚያመለክቱ ማወቅ ግን በሌሎች የሕክምና ቃላት ላይ ይጠቅማል።

ሁለት አጠራር ሲኖርና መዝገቡ ሲፈተሽ

አንዳንድ ቃል አንድ ብቻ ትክክል የሆነ አጠራር የለውም። ደረቅ መሬት ላይ ዝናብ ሲያርፍ የሚነሣውን ሽታ የሚጠራ ቃል እ.ኤ.አ. በ1964 ሁለት ተመራማሪዎች፣ ኢዛቤል ጆይ ቤርና ሪቻርድ ቶማስ፣ ከግሪክኛ ሁለት ቃላት ፈጠሩ፤ የመጀመሪያው ድንጋይ ነው፣ ሁለተኛው በግሪኮች ተረት በአማልክት ደም ሥር ውስጥ የሚፈስስ ፈሳሽ ነው። አንዱ «ፔትሪኮ(ር)»፣ ሌላው «ፔትራይኮ(ር)» ይለዋል፤ ጫናው በሁለቱም ፔ ላይ ነው። እንዲህ ባለ ጊዜ በመዝገበ ቃላቱ ቀድሞ የተጻፈውን ለራስዎ ይምረጡ፣ ሌላውን ከሥሩ ያስፍሩ፣ በሌላኛው የሚናገር ጎብኚ ሲገጥምዎም አያርሙት። የአፉ ለዛ ከመዝገበ ቃላቱ ከሁለቱም የተለየ ከሆነ ከየት አገር እንደመጣ በትሕትና ጠይቀው በሦስተኛ መስመር ከአገሩ ስም ጋር ይጻፉት።

የመጨረሻው ሥራ ፍተሻ ነው። ቃሉን ፈጽሞ የማያውቅ ጓደኛዎ የጻፉትን በግዕዝ ፊደል ብቻ እያየ ጮክ ብሎ ያንብብልዎት፤ የእንግሊዝኛውን አጻጻፍ በእጅዎ ይሸፍኑት። ወዲያው የስልክዎን የድምፅ ምልክት ተጭነው ሁለቱን ያወዳድሩ። ልዩነት ከተሰማ ጥፋቱ የአንባቢው ሳይሆን የምልክቶቹ ነው፤ ብዙውን ጊዜ ሽዋ መሆን በሚገባው ቦታ ራብዕ ተጽፎ፣ አለዚያም ሥረ መስመሩ አንድ ክፍል ወደ ኋላ ወይም ወደ ፊት ተዛንፎ ይገኛል። ፍቺውንም በዚሁ መንገድ ይፈትሹ፤ ፍቺውን ብቻ አንብበውለት ነገሩን ራሱ ይሰይምልዎ። ስለ አባ ኮዳ የጻፉትን ሰምቶ ጥንብ አንሣ ካለዎት ከወገኑ የሚለየው ነገር ጎድሏል ማለት ነው፤ በፍቺው ላይ ወፍራም ምንቃሩንና ከአንገቱ ሥር የተንጠለጠለውን ከረጢት ይጨምሩ።